ዱር ቤቴ ያለውን ሰው ፍለጋ፦ ከለንደን እስከ ከርክሊስ

ሰኞ፣ ለንደን

የሮቢን ሁድን ታሪክ ለልጆች በሚሆን አማርኛ እንዳዘጋጅ ተጠይቄ እሺ ካልኩ ዓመት አለፈኝ። ሥራው የቆመው ገና በመጀመሪያው ዓረፍተ ነገር ላይ ነው። ሰውየውን ምን ብዬ ልጥራው? «ሌባ» ስለው በሌሊት አጥር ዘሎ ዶሮ የሚያፍን ሰው መጣብኝ። «ወንበዴ» ስለው ልጆቹ ገና በመጀመሪያው ገጽ ይጠሉታል። «ሽፍታ» ስለው ልቤ ትንሽ ረጋ፤ ሽፍታን አገረ ገዥ ያሳድደዋል፣ መንገደኛ ይረግመዋል፣ አዝማሪ ደግሞ ያሞግሰዋል። ሆኖም አንድ ነገር ሳላጣራ ቃሉን ለመጻፍ እጄ አልታዘዝ አለኝ። ሁላችንም ሮቢን ሁድን የምናውቀው «ከሀብታም ዘርፎ ለድሃ የሚሰጥ» እየተባለ ነው። ለመሆኑ ይህን መጀመሪያ የተናገረው ማን ነው?

እዚያው ለንደን የተወለደው የእህቴ ልጅ የሳምንት ዕረፍት ነበረው፤ አሮጌ መኪናም አለው። «አጎቴ፣ ነዳጁን አንተ ከቻልክ መንገዱን እኔ እችላለሁ» አለኝ። ተስማማን። (ዓመታቱን ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር እጽፋለሁ፤ አለዚያ ቁጥር ስደምርና ስቀንስ ጉዞው ያልቃል።)

ከከተማ ከመውጣታችን በፊት ወደ ብሪቲሽ ላይብረሪ ጎራ አልን። እዚህ ቤት በ17ኛው መቶ ዘመን አጋማሽ የተገለበጠ አንድ የግጥም ጥራዝ ይገኛል። ኋላ ጳጳስ የሆነው ቶማስ ፐርሲ በወጣትነቱ ወዳጁ ቤት በእንግድነት ሳለ ጥራዙ ወለል ላይ ተጥሎ፣ የቤቱ ሠራተኞች ቅጠሉን እየቀደዱ እሳት ሲያያይዙበት ደረሰ። ለምኖ ወሰደው፤ በ1765 ከውስጡ መርጦ አሳተመና እንግሊዞች ረስተውት የነበረውን የአዝማሪ ቅርሳቸውን መልሰው አገኙት። የሮቢን ሁድ አሟሟት የተተረከበት ግጥም ከእሳቱ ከተረፉት አንዱ ነው። ገጾቹ ግን እኩሌታቸው የለም። ሟቹ ሊሞት ሲል ወረቀቱ ያልቅና በሚቀጥለው ገጽ ነገሩ ከመሐል ይጀምራል።

በዚያው ጣሪያ ሥር ከመቅደላ የመጡት ብራናዎችም አሉ። በ1868 የእንግሊዝ ጦር አምባውን ከያዘ በኋላ ወደ 350 የሚሆኑ የግዕዝና የአማርኛ መጻሕፍት ወደ ለንደን ተጭነዋል። የመጻሕፍቱ ባለቤት አፄ ቴዎድሮስ ደግሞ፣ ዘውድ ከመጫናቸው በፊት ቋራ በረሃ የገቡ ሽፍታ ነበሩ። ይህን ለእህቴ ልጅ ነገርኩት። ዝም ብሎ አዳመጠኝና፣

«እነዚህስ ከማን ተዘርፈው ለማን የተሰጡ ናቸው?» አለኝ።

እስከ ኖቲንግሃም ድረስ ስለ ሌላ ነገር አወራን።

ማክሰኞ፣ ኖቲንግሃም

ከተማዋ የተቀመጠችው በለስላሳ የአሸዋ ድንጋይ ላይ ነው፤ ከሥሯ በሰው እጅ የተፈለፈሉ በመቶ የሚቆጠሩ ዋሻዎች አሉ። ከግንቡ ቅጥር ሥር በ1952 የቆመው የሮቢን ሁድ የነሐስ ሐውልት ቀስቱን ለጥጦ ያነጣጥራል። የጄምስ ውድፎርድ ሥራ ነው። ደልደል፣ አጠር ያለ ሰው ነው፤ ላባ የተሰካበት ሹል ባርኔጣ አላደረገም። የእህቴ ልጅ ቅር አለው። እርሱ የሚያውቀው ሮቢን ሁድ የ1973ቱ የካርቱን ፊልም ቀበሮ ነው፤ የእኔ ደግሞ በ1938ቱ ባለ ቀለም ፊልም ላይ እጁን ወገቡ ላይ አድርጎ የሚስቀው ኤሮል ፍሊን። ሁለቱም ባለ ላባ ናቸው። ከሐውልቱ ላይ ፍላጻው በተደጋጋሚ ተሰርቋል። ኖቲንግሃም ዛሬም ሸሪፍ (በተረቱ ሮቢንን የሚያሳድደው የንጉሡ ሹም) አላት፤ ሥልጣኑ እንግዳ ከመቀበልና በበዓል ቀን ካባ ከመልበስ የዘለለ ባለመሆኑ ፍላጻ ሌባ አሳድዶ የሚይዝ አልመሰለኝም።

ግንቡም ቢሆን በተረት የምናስበው ግንብ አይደለም። የመካከለኛው ዘመን ምሽግ ከፈረሰ በኋላ መሳፍንት በቦታው ቤተ መንግሥት አሠሩ፤ እርሱንም በ1831 የከተማው ሕዝብ አቃጠለው፤ ባለቤቱ የምርጫ ሕግ ማሻሻያውን ስለተቃወመ ነው። በዚያ ረብሻ ሮቢን ሁድ የለበትም።

እኔ የመጣሁት ለቅድስት ማርያም ቤተ ክርስቲያን ነበር። በ1450 አካባቢ የተጻፈና ዛሬ ካምብሪጅ የሚገኝ አንድ ትረካ አለ፤ በእጅ ጽሑፍ ከደረሱን የሮቢን ሁድ ትረካዎች ሁሉ የሚቀድመው እርሱ ነው። ሮቢን ቅዳሴ ከቀረበት ብዙ ቀን ሆኖታልና ልቡ አዘነ። ለእመቤታችን ያለው ፍቅር የጠና ነው። ወደ ኖቲንግሃም ሲጓዝ ከጓደኛው ከሊትል ጆን ጋር በቀስት ይወራረዱና በአምስት ሽልንግ ተጣልተው ይለያያሉ። ብቻውን ገብቶ ሲጸልይ፣ ቀድሞ መቶ ፓውንድ የዘረፈው አንድ መነኩሴ ለይቶ ያውቀውና ሸሪፉን ይጠራበታል። ተያዘ። ሊትል ጆን ቂሙን ትቶ ሊያስፈታው ይነሣል፤ ወሬውን ወደ ንጉሡ የሚያደርሰውን መነኩሴ መንገድ ላይ ጠብቆ ራሱን ይቆርጠዋል። የመነኩሴውን ትንሽ አሽከር ደግሞ ማች የተባለው ባልንጀራው ይገድለዋል፤ ሄዶ እንዳይናገር።

ይህን ቤተ ክርስቲያኑ ውስጥ አግዳሚ ወንበር ላይ ተቀምጠን ለእህቴ ልጅ ተረኩለት። ከጥግ አንድ ሰው ኦርጋን ይለማመድ ነበር። «ልጁንም?» አለኝ። አዎ፣ ልጁንም። ገጣሚው በግማሽ መስመር ያልፈዋል። ለድሃ የተሰጠ ሳንቲም ደግሞ ከዳር እስከ ዳር የለም።

ረቡዕ፣ ኤድዊንስቶው

ቀኑን ሙሉ ዘነበ። የሮቢን መሸሸጊያ የሚባለው የሸርውድ ጫካ ከመንደሩ ጫፍ ይጀምራል፤ በእግር ጥቂት እንደሄድን ታላቁ የባሉጥ ዛፍ ፊታችን ተገተረ። «ሜጀር ኦክ» ይሉታል፤ ሜጀር የሚለው በ1790 ስለ ዛፉ ከጻፈው ከሻለቃ ሄይማን ሩክ ማዕረግ የመጣ ነው። የግንዱ ዙሪያ አሥር ሜትር ይደርሳል። ቅርንጫፎቹ በብረት ምሰሶ ተደግፈዋል፤ ጎብኚው ሥሩን ረግጦ እንዳይገድለው ዙሪያው ታጥሯል። ሮቢንና ባልንጀሮቹ ከግንዱ ውስጥ ይደበቁ ነበር ይባላል። የዛፉ ዕድሜ ከ800 እስከ 1,000 ዓመት ይገመታልና በዚያ ዘመን ሊደብቅ የሚችለው ቢበዛ አንድ ጥንቸል ነው። ቢሆንም ለረጅም ጊዜ ቆሜ አየሁት። ሸንጎ የተቀመጠበት ዋርካ አየር አለው።

በመንደሩ መንገድ ላይ ሮቢን ለፍቅረኛው ለማሪያን ተንበርክኮ የሚታይበት ሐውልት ቆሟል፤ የተጋቡትም እዚሁ ቤተ ክርስቲያን ነው ይላሉ። በጥንቶቹ ትረካዎች ግን ማሪያን የምትባል ሴት የለችም! መጀመሪያ የተገኘችው ፈረንሳይ አገር ነው፤ በ13ኛው መቶ ዘመን መጨረሻ አዳም ደ ላ አል በጻፈው የእረኞች ተውኔት ውስጥ፣ ሮቢን የሚባል ሌላ እረኛ እጮኛ ሆና። እንግሊዞች በግንቦት ወር የጸደይ በዓላቸው ላይ ሁለቱን ሮቢኖች አቀላቅለው ሽፍታውን ሙሽራ አደረጉት።

ይህ የግንቦት ጨዋታ ሳይታሰብ ወደ ጥያቄዬ መለሰኝ። በ15ኛውና በ16ኛው መቶ ዘመን በየአጥቢያው አንድ ጎረምሳ ሮቢን ሁድ ሆኖ ይለብስና ከጓደኞቹ ጋር እየዞረ ገንዘብ ይሰበስባል፤ ገንዘቡ ለቤተ ክርስቲያኑ ማደሻና ለአጥቢያው ጉዳይ ይውላል። ጳጳስ የነበረው ሂዩ ላቲመር በ1549 በንጉሡ ፊት ሲሰብክ ያማረረው ይህንኑ ነው፤ ሊያስተምር አንድ ቦታ ቢሄድ በሩ ተቆልፎ አገኘው፤ ሕዝቡ ለሮቢን ሁድ ሊሰበስብ ወጥቷል አሉት። ጳጳሱ ለከሃዲና ለሌባ ሲባል የእግዚአብሔር ቃል ተገፋ ብሎ ተቆጣ። እኔ ግን የአጥቢያውን ገበሬ አሰብኩት። በየዓመቱ ሮቢን ሁድ በሩን አንኳኩቶ ገንዘብ ሲወስድና ገንዘቡ ጣሪያ ሲሆን የሚያይ ሰው፣ ዘራፊውን ለጋስ አድርጎ ለማሰብ ብዙ አይቸገርም።

ንጉሥ ሄንሪ 8ኛም በ1510 ከመኳንንቱ ጋር እንደ ሮቢን ሁድ ለብሶ ንግሥቲቱ እልፍኝ ድንገት ገብቷል። ሽፍታን መስሎ መጫወት ለንጉሥ ቀላል ነው።

ዝናቡን ለማሳለፍ የገባንበት ሱቅ ግድግዳው በባለ ላባ ባርኔጣ ተሸፍኗል። የእህቴ ልጅ አንዱን ገዛ። አሜሪካ ውስጥ ይህ ላባ አደገኛ ሆኖ ያውቃል። በ1953 የኢንዲያና ግዛት የመማሪያ መጻሕፍት ኮሚሽን አባል የሆኑ ሴት፣ ከሀብታም ወስዶ ለድሃ መስጠት የኮሙኒስት ትምህርት ነውና ሮቢን ሁድ ከትምህርት ቤት ይውጣ አሉ። በማግስቱ ዓመት የኢንዲያና ዩኒቨርሲቲ ተማሪዎች የዶሮ ላባ አረንጓዴ ቀለም እየነከሩ ደረታቸው ላይ በመሰካት ተቃወሙ። በዚያው ዘመን በኮሙኒስትነት ተጠርጥረው ከሆሊውድ የተባረሩ ደራስያን እንግሊዝ ውስጥ በሚሠራ የሮቢን ሁድ ተከታታይ የቴሌቪዥን ድራማ ላይ በብዕር ስም ይጽፉ ነበር። ሴትዮዋ ይህን ቢያውቁ ኖሮ!

ሐሙስ፣ ሊንከን

ዳገት ነው። መኪናውን ታች ትተን እያለከለክን ወጣን።

ሊንከን የመጣሁት ለሁለት ጽሑፎች ነው። አንደኛው ግንቡ ውስጥ የሚጠበቀው የ1217ቱ የደን ቻርተር፣ በንጉሡ ስም የወጣ የመብት ሰነድ ነው። በዚያ ዘመን «ፎረስት» የሚባለው ዛፍ የበዛበት ቦታ ብቻ አልነበረም፤ ለንጉሡ አደን የተከለለና የራሱ ሕግ ያለው ምድር ሁሉ ነው፤ መንደርና እርሻም ሊኖርበት ይችላል። የንጉሡን አጋዘን የገደለ ሰው በሕይወቱ ወይም በአካሉ ሊቀጣ ይችል ነበር። ቻርተሩ ይህን አስቀረ፤ አጋዘን የገደለ ገንዘብ ይክፈል፣ ከሌለው አንድ ዓመት ከአንድ ቀን ይታሰር አለ። የትረካዎቹ ሮቢን በየገጹ የንጉሡን አጋዘን ይጠብሳል። ያዳምጥ የነበረው ሰው የጥብሱ ሽታ ምን ያህል ዋጋ እንዳለው ያውቃል።

ሁለተኛው በካቴድራሉ ቤተ መጻሕፍት ባለ አንድ የእጅ ጽሑፍ ላይ፣ በ15ኛው መቶ ዘመን መጀመሪያ የተጫረ ስንኝ ነው። ሮቢን ሁድ ሸርውድ ቆመ፤ ቆብ ደፍቶ፣ ባርኔጣ አድርጎ፣ እግሩን ለብሶ፣ ተጫምቶ፤ 24 ፍላጻም በእጁ ይዟል። በቃ። ሥሩ የላቲን ትርጉሙ ሰፍሯል፤ ተማሪ ትርጉም ሲለማመድ የጻፈው ይመስላል። ቆብና ባርኔጣ ለምን እንደደረበ አይናገርም። እኔም በትርጉም ሥራ የተቸገርኩ ነኝና ልጁን ወደድኩት።

ሮቢንን ያልወደዱ ቀሳውስትም በዚያ ዘመን ነበሩ። በ1460 ግድም አንድ መነኩሴ በታሪክ መጽሐፍ ኅዳግ ላይ፣ ሮቢን ሁድ የሚባል ሽፍታ ከግብረ አበሮቹ ጋር ሸርውድንና ሕግ አክባሪ የሆኑ ሌሎች የእንግሊዝ አገሮችን ባላሰለሰ ዝርፊያ አስጨነቀ ብሎ ጽፏል። ማስታወሻው በ2009 ይፋ ሲወጣ ጋዜጦች ተንጫጩ። መነኩሴው ምን ይበል? በትረካዎቹ ውስጥ የሚዘረፈው ብዙውን ጊዜ መነኩሴ ነው።

ዓርብ፣ ባርንስዴል

ዛሬ የሆነው ነገር ሁሉ በኤ-አንድ አውራ ጎዳና ዳር ነው፤ ከባድ መኪናዎች እያጓሩ በሚያልፉበት። ሰሜን እንግሊዝን ከለንደን የሚያገናኘው ይህ መንገድ በሮቢን ሁድ ዘመንም ነበረ፤ ለዘራፊ ከዚህ የተሻለ ቦታ የለም። ከጎዳናው ጥግ «የሮቢን ሁድ ጉድጓድ» የሚባል፣ በ1710 ገደማ አርክቴክቱ ቫንብሩ የሠራው ትንሽ የድንጋይ ቤት አለ። መንገዱ ሲሰፋ ከቦታው ነቅለው አንቀሳቅሰውታልና ውኃ የለውም። ዙሪያው ፕላስቲክ ጠርሙስ ነው።

የዚህ አውራጃ ሰዎች፣ ዮርክሻየሮች፣ ሮቢን የእኛ ነው ሲሉ የሚጠቅሱት ይህን ቦታ ነው፤ ማስረጃም አላቸው። በ1500 ግድም መታተም የጀመረው፣ 456 አንጓ ያለው ረጅም ትረካ ሮቢንን የሚያኖረው ባርንስዴል እንጂ ሸርውድ አይደለም። በእኔ አስተያየት ከዚህ በኋላ ከመጡት ሁሉ ይበልጣል፤ ስለዚህ ላውራው።

ሮቢን እንግዳ ካልመጣለት እራት አይበላም፤ እንግዳው ደግሞ በግድ ይመጣል፣ በልቶም ይከፍላል። አንድ ቀን ባልንጀሮቹ ያዘነ ባላባት ያመጡለታል። ስንት ይዘሃል ቢለው አሥር ሽልንግ አለ፤ ቢፈተሽ እውነቱን ነው። ልጁ ሰው ገድሎበት፣ እርሱን ለማስለቀቅ ርስቱን ለዮርኩ የቅድስት ማርያም ገዳም አበምኔት በ400 ፓውንድ አስይዟል፤ ቀኑ ሊያልፍበት ነው። ሮቢን አበድርሃለሁ፣ ዋስ ጥራ አለው። ባላባቱ ከእመቤታችን በቀር ዋስ የለኝም አለ። እርሷማ ከሆነች ከእንግሊዝ ዳር እስከ ዳር የተሻለ ዋስ አላውቅም ብሎ 400 ፓውንዱን ቆጠረለት።

የመክፈያው ቀን ደረሰ፤ ባላባቱ ቀረ። ሮቢን ተጨነቀ፤ እመቤቴ ተቀየመችኝ አለ። ወዲያው የዚያው የቅድስት ማርያም ገዳም መነኩሴ መንገድ ላይ ተያዘ። ስንት ይዘሃል? ሃያ ማርክ፣ ማለትም 13 ፓውንድ ግድም። ሲፈተሽ ከ800 ፓውንድ በላይ ተገኘ። ሮቢን ሳቀ፤ ዋሴ እጥፍ አድርጋ ከፈለችኝ አለ። ባላባቱ ኋላ ገንዘቡን ይዞ ሲመጣም አልቀበልም አለው፤ ዋስህ ከፍላለች።

እናቴ ይህን ብትሰማ ኖሮ «እውነት ነው፣ እርሷ ዋስ ሆና አታሳፍርም» ብላ ታማትብ ነበር። የእህቴ ልጅ ግን ጣቱን አነሣ። «ግን ድሃው የታለ? ባላባት ነው የተረዳው» አለ። ልክ ነው። ይኸው ሮቢን ለሰዎቹ በሰጠው ትእዛዝ፣ በሞፈር የሚያርሰውን ገበሬ አትንኩ፣ ጳጳሳትን ግን ምቱ፣ እሰሩ፤ የኖቲንግሃምን ሸሪፍም አትርሱት ይላል። አለመንካት ሌላ፣ መስጠት ሌላ። እኛ ካሳ ኃይሉ የዘረፈውን ለቋራ ገበሬ አከፋፈለ ሲባል ነው ያደግነው፤ የባርንስዴሉ ሰው እዚያ አልደረሰም። በመጨረሻው አንጓ ላይ ደግሞ፣ ለድሆች ብዙ መልካም ነገር ያደረገ ጥሩ ሽፍታ ነበር ተብሎ ነፍስ ይማር ይባልለታል። ምን እንዳደረገላቸው አይተረክም።

ከአበምኔቶች የዘረፈውን ለድሆች ይሰጥ ነበር ብሎ በግልጽ ጽፎ ያገኘሁት የመጀመሪያው ሰው፣ በ1521 የብሪታንያን ታሪክ ያሳተመው ስኮትላንዳዊው ሊቅ ጆን ሜጀር ነው። ፓሪስ ያስተማረ የሥነ መለኮት ሰው እንጂ አዝማሪ አይደለም። ሮቢንን በንጉሥ ሪቻርድ ዘመን ያስቀመጠውም እርሱ ነው፤ የባርንስዴሉ ትረካ ንጉሥ ግን ኤድዋርድ ነው። ከዚያ ወዲያ ሁሉም ያለውን ጨመረበት። በ1598 አንተኒ መንዴይ ለለንደን መድረክ ሲጽፍ የሀንቲንግተን መስፍን አደረገው፤ ጌትየው ርስቱን በግፍ ቢነጠቅ እንጂ ጫካ አይገባም ነበር ለማለት። በ1795 ግጥሞቹን የሰበሰበው ጆሴፍ ሪትሰን የፈረንሳይ አብዮት ደጋፊ ነበርና የጨቋኞች ጠላት አደረገው። በ1819 ዋልተር ስኮት በልብ ወለዱ ከፈረንሳይ መጥተው አገሩን የያዙትን የኖርማን ገዥዎች የሚዋጋ፣ የነባሩ የሳክሰን ሕዝብ ጀግና አደረገው። በ1980ዎቹ የቴሌቪዥን ሰዎች ሙስሊም ባልንጀራ ሰጡት፤ ከዚያ ወዲህ በተሠሩ አንዳንድ ፊልሞች ላይም እንዲህ ያለ ባልንጀራ አለው።

ማታ ዌክፊልድ አደርን። ሆቴሉ ውስጥ የመዛግብቱን ነገር አነሣን። በ1225 ዮርክ በተቀመጠ ችሎት ሮበርት ሆድ የሚባል ሰው ሸሽቶ 32 ሽልንግ ከ6 ፔንስ የሚያወጣ ንብረቱ ተወርሷል። እርሱ ይሁን አይሁን የሚመሰክር የለም። ይበልጥ ያስገረመኝ የ1262ቱ ነው፤ የአንጥረኛው የሮበርት ልጅ ዊልያም ሸፍቶ ሲጠፋ፣ አንድ ጸሐፊ በግምጃ ቤት መዝገብ ላይ ስሙን «ዊልያም ሮብሁድ» ብሎ አሰፈረው። ሮቢን ሁድ ያኔውኑ ስም መሆኑ ቀርቶ የሥራ ስም ሆኗል ማለት ነው። በጥንቱ ሕግ ተጠርቶ ችሎት ያልቀረበ ሰው «የተኩላ ራስ» ይሸከማል፤ ያገኘው ሁሉ እንደ አውሬ ሊገድለው ይችላል። ሕጉ ደጁን ሲዘጋበት ሰውየው ዱር ቤቴ ይላል።

መብራት ሳላጠፋ ደብተሬን አወጣሁና «ሽፍታ» ብዬ ጻፍኩ።

ቅዳሜ፣ ከርክሊስ

የመጨረሻው ቦታ መቃብሩ ነው። ሮቢን ታሞ ከርክሊስ ገዳም ወዳለችው ዘመዱ እመምኔት ይሄዳል፤ እንደ ዋግምት ደም እንድታወጣለት። ከወዳጇ ጋር ተማክራ ደሙ እንዳይቆም አድርጋ ለቀቀችው። ሊትል ጆን ገዳሙን ላቃጥለው ቢል፣ በሕይወቴ ሴት አልጎዳሁም፣ ስሞትም አልጎዳም ብሎ ከለከለው። በመስኮት የመጨረሻውን ፍላጻ ወርውሮ «በወደቀበት ቅበረኝ» ማለቱን ሁሉም ያውቃል። ለንደን ባለው በተቀደደው ጥራዝ ግን ፍላጻ አይወረወርም፤ ያ የ18ኛው መቶ ዘመን ጭማሪ ነው። መቃብሩ ከገዳሙ በር ቤት ከግማሽ ኪሎ ሜትር በላይ ይርቃል፤ ደሙ ላለቀበት ሰው ትልቅ ውርወራ ነው። የመቃብሩ ጽሑፍ የሞተበትን ቀን ከታኅሣሥ መባቻ በፊት 24ኛው ቀን፣ 1247 ይላል። በሮማውያን አቆጣጠር እንዲህ ያለ ቀን የለም፤ ከዚያ ወር መባቻ ወደ ኋላ ከ18 በላይ አይቆጠርም። አሥራ ሦስት ወር ያለን ሰዎች እንኳ ልናስታርቀው አንችልም።

ድንጋዩን ለጥርስ ሕመም መድኃኒት ይሆናል እያሉ ሰዎች እየቀረፉ ስለወሰዱት በብረት አጥር ተከቧል። ይህን ሁሉ የማውቀው ከንባብ ነው። መቃብሩ በግል ይዞታ ውስጥ ነውና ደጃፉ ላይ «ያለ ፈቃድ መግባት ክልክል ነው» የሚል ሰሌዳ ተቀበለን። የእህቴ ልጅ ባርኔጣውን ደፍቶ አጥሩን ለካ። «ዝቅተኛ ነው» አለኝ። ቆጣ ብዬ መለስኩት። ሕግ አክባሪ ሆኜ የሽፍታ መቃብር ሳላይ ልመለስ ነው።

ውሻቸውን ይዘው የሚያልፉ አንዲት አሮጊት ቆም አሉ።

«መቃብሩን ፈልጋችሁ ነው?»

«አዎ፣ እማማ።»

እኔን አዩኝ፤ የእህቴን ልጅ ባርኔጣ አዩ። «ዘመዱ ነዎት?»

«አይደለሁም። ተርጓሚው ነኝ።»

ይህ ለእሳቸው በቂ ሆነ። ራሳቸውን ነቀነቁና ውሻውን ሳብ አድርገው፣ «እንግዲያውስ ያቺ እመምኔት የዚህ አገር ሰው አልነበረችም ብለው ይጻፉልን» አሉኝ።

እሺ አልኳቸው።